ሌ ሬንሲ፦ አንድ የአርማታ ቤተ ክርስቲያን ያስጠራት ከተማ

ሌ ሬንሲ ከፓሪስ መሐል በስተምሥራቅ 13 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ የምትገኝ፣ ስፋቷ 2.24 ካሬ ኪሎ ሜትር ብቻ የሆነ፣ የነዋሪዎቿም ቁጥር ከ14 ሺህ እስከ 15 ሺህ የሚገመት ትንሽ የከተማ ኮሙን ናት። ኮሙን በፈረንሳይ የአስተዳደር አወቃቀር የመጨረሻው እርከን ሲሆን፣ ነዋሪዎቹ በየስድስት ዓመቱ በሚመርጡት ምክር ቤትና ምክር ቤቱ ከአባላቱ መካከል በሚሰይመው ከንቲባ ይተዳደራል፤ በአገሪቱ ወደ 35 ሺህ የሚጠጉ ኮሙኖች ስላሉም የአብዛኞቹ ስም ከአካባቢያቸው አልፎ አይሰማም። የሌ ሬንሲ ስም ግን በብዙ አገሮች የሥነ ሕንፃ ተማሪዎች ዘንድ የታወቀ ነው፤ ይህም የሆነው በ1922 ተጀምሮ በ1923 በተጠናቀቀው የኖትር ዳም ቤተ ክርስቲያን ምክንያት ነው። (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ቀኖች፣ ወራትና ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ኖትር ዳም በፈረንሳይኛ እመቤታችን ማለት ሲሆን፣ የሌ ሬንሲው ቤተ ክርስቲያን ሙሉ ስም የመጽናናት እመቤታችን የሚል ነው፤ ስሙም ከተሠራበት ጊዜ ጋር የተያያዘ ነው፤ የተሠራው በመጀመሪያው የዓለም ጦርነት ለሞቱት መታሰቢያ እንዲሆን ነበርና።

ከተማዪቱ በዕድሜ ገና ናት። በቦታው በ17ኛው ክፍለ ዘመን የነበረው መንደር ሳይሆን የአንድ ባለጸጋ ርስት ነበር፤ ዣክ ቦርዲየ የተባለ የንጉሡ የገንዘብ ሹም በዘመኑ ስመ ጥር የነበረውን አርክቴክት ሉዊ ሌ ቮን አስጠርቶ በመሬቱ ላይ ሰፊ ቤተ መንግሥት ያሠራ ሲሆን፣ በ1769 ርስቱ የንጉሣዊው ቤተሰብ ቅርንጫፍ ወደሆኑት የኦርሌያን መሳፍንት እጅ ገባ። መሳፍንቱ ግቢውን በእንግሊዞች አትክልት ወግ፣ ማለትም ዛፉና ኩሬው በመስመር ሳይደረደር በዱር አምሳል እንዲበቅል በማድረግ አስዋቡት፤ ቤተ መንግሥቱ ግን በ19ኛው ክፍለ ዘመን ፈርሶ ከነበረበት ጠፋ። በ1852 ሥልጣኑን ያጠናከረው የአገሪቱ መሪ ሉዊ ናፖሊዮን የኦርሌያን ቤተሰብ ንብረት እንዲወረስ ሲያዝ ርስቱ ተሸንሽኖ ለግለሰቦች መሸጥ ጀመረ። ከጥቂት ዓመታት በፊት ከፓሪስ ወደ ምሥራቅ የተዘረጋው የባቡር መስመር በአቅራቢያው ያልፍ ስለነበር፣ ከዋና ከተማው ጭስና ጥበት ሸሽተው በዛፍ ጥላ ሥር ቪላ መሥራት የፈለጉ ነጋዴዎችና የቢሮ ሰዎች መሬቱን ገዙ፤ ሰፈሩም እየደረጀ ሄዶ በ1869 ከአጎራባች ኮሙኖች ላይ ተቆርሶ ራሱን የቻለ ኮሙን ሆነ። የጥንቱ ግቢ መንገዶች እስካሁን በከተማዪቱ ካርታ ላይ ይነበባሉ፤ በዛፍ የተከበቡት ቀጥ ያሉ መተላለፊያዎችና እነርሱ የሚገናኙባቸው አደባባዮች የመሳፍንቱ መናፈሻ ቅሪት ናቸውና።

በዚህ ዓይነት በሽያጭና በሽንሸና የተመሠረተች ከተማ መሐሏን የሚያመለክት፣ ነዋሪዋም የኔ ብሎ የሚጠራው ትልቅ ሕንፃ አልነበራትም። የነበራት ቤተ ክርስቲያንም እየጨመረ ለሄደው ምእመን የሚበቃ አልነበረም። ጦርነቱ በ1918 ሲያበቃ የደብሩ አስተዳዳሪ የነበሩት አባ ፌሊክስ ኔግር አዲስ ቤተ ክርስቲያን የማሠራት ሐሳባቸውን ከሙታን መታሰቢያ ጋር አስተሳሰሩት። ሌ ሬንሲ ለጦር ሜዳው ቅርብ ነበረች፤ በመስከረም 1914 የጀርመን ጦር ወደ ፓሪስ ሲገሰግስ ፈረንሳዮች ያቆሙት ከከተማዪቱ በስተሰሜን ምሥራቅ በኡርክ ወንዝ አካባቢ በተደረገው ውጊያ ሲሆን፣ ይህ ውጊያ የማርን ጦርነት ተብሎ የሚታወቀው ትልቅ ፍልሚያ አካል ነው። የፓሪስ ወታደራዊ አዛዥ ጄኔራል ጋሊዬኒ በመቶዎች የሚቆጠሩ የከተማ ታክሲዎችን በትእዛዝ ሰብስበው ወታደሮችን ወደ ግንባሩ ያጓጓዙት በዚያን ጊዜ ነው፤ ከወታደሮቹም ብዙዎቹ የተሳፈሩት ከሌ ሬንሲ ጋር በምትዋሰነው በጋኚ ነበር። ስለዚህ መታሰቢያው ለአካባቢው ሰው ሩቅ ታሪክ ሳይሆን በደጁ ያለፈ ነገር ነበር።

ችግሩ ገንዘብ ነበር። በ1905 የወጣው ሕግ ቤተ ክርስቲያንንና መንግሥትን ስለለያየ ለአምልኮ ቤት ሥራ ከመንግሥት በጀት ገንዘብ ማግኘት አይቻልም ነበር፤ ያለው አማራጭ የምእመናን መዋጮ ብቻ ነበር። በዚያ ላይ ጦርነቱ የሠለጠኑ ድንጋይ ጠራቢዎችንና ግንበኞችን በልቷል፤ የቀሩትም ሆኑ የግንባታው ቁሳቁስ በጦርነቱ ለፈራረሱት ሰሜናዊና ምሥራቃዊ ክፍላተ ሀገር ይፈለጉ ስለነበር የሥራው ዋጋ ጣሪያ ነክቷል። በተለመደው መንገድ በተጠረበ ድንጋይ ቢሠራ ደብሩ ሊከፍለው የማይችል ወጪ ስለሚያስከትል፣ አባ ኔግር ሥራውን ለፔሬ ወንድማማቾች ድርጅት ሰጡ።

ኦገስት ፔሬ በ1874 የተወለደው በብራሰልስ አጠገብ በምትገኘው በኢክሴል ነው፤ አባቱ ድንጋይ ጠራቢ ሲሆን በ1871 ከተካሄደው የፓሪስ ኮሚዩን ዐመፅ በኋላ ከፈረንሳይ ተሰድዶ ነበር። ልጁ በፓሪስ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ሥነ ሕንፃን በብልጫ ቢማርም ዲፕሎማውን ሳይቀበል ወጣ፤ ምክንያቱም በጊዜው ደንብ ዲፕሎማ ያለው አርክቴክት የሥራ ተቋራጭ መሆን ስለማይፈቀድለት፣ እርሱ ደግሞ ከወንድሞቹ ከጉስታቭና ከክሎድ ጋር የአባቱን የግንባታ ድርጅት መምራት ስለመረጠ ነው። ይህ ምርጫ ለሌ ሬንሲ ታሪክ መሠረታዊ ነው። ወንድማማቾቹ የሚነድፉትን ራሳቸው ስለሚገነቡ እያንዳንዱ መስመር ስንት ጣውላ፣ ስንት ስሚንቶና ስንት የሠራተኛ ቀን እንደሚበላ በንድፉ ሰዓት ያውቁ ነበር፤ በጦርነቱ ዓመታትም በካዛብላንካ ወደብ መጋዘኖች ሲሠሩ እጅግ ስስ የሆነ የአርማታ ቅስት በርካሽ ዋጋ ሰፊ ቦታ መሸፈን እንደሚችል በተግባር አይተው ነበር። የሌ ሬንሲ ጣሪያ የመጋዘን ጣሪያ ልጅ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም፤ እንዲህ ማለትም ሕንፃውን ዝቅ ማድረግ ሳይሆን የአሠሪዎቹን ድፍረት መመስከር ነው።

አርማታ ስሚንቶ፣ አሸዋና ጠጠር በውሃ ተቦክተው የሚሰጡት፣ ሲደርቅ እንደ ድንጋይ የሚጠነክር ቅልቅል ነው። ቅልቅሉ ከላይ የሚጫነውን ክብደት ሲሸከም ብርቱ ቢሆንም ሲለጠጥና ሲጎብጥ ይሰነጠቃል፤ ይህን ድክመት ለመሙላት በውስጡ ፌሮ፣ ማለትም የብረት ዘንግ ይቀበራል፤ ብረቱ መለጠጡን፣ ቅልቅሉ ደግሞ ጫናውን ተካፍለው ስለሚይዙ ከድንጋይ በጣም የቀጠነ ዓምድና ጣሪያ ማቆም ይቻላል። ፈረንሳዊው ፍራንሷ ኤነቢክ የዚህን አሠራር ፓተንት ያስመዘገበው በ1892 ሲሆን፣ ከዚያ በኋላ ባሉት ዐሥርት ዓመታት አርማታ በፋብሪካ፣ በድልድይና በጎተራ ሥራ ተስፋፍቶ ነበር። በክብር ሕንፃ ላይ ሲገባ ግን ብዙውን ጊዜ በጡብ፣ በሸክላ ሰሌዳ ወይም በድንጋይ ልባስ ይሸፈን ነበር፤ በፓሪስ ሞንማርትር ኮረብታ ላይ በ1904 የተጠናቀቀው የቅዱስ ዮሐንስ ቤተ ክርስቲያን እንኳ በአዲሱ የአሠራር ዘዴ ቢቆምም ፊቱ የጡብ ነው። ስለዚህ ሌ ሬንሲ አዲሱ ዘዴ ለቤተ ክርስቲያን ያገለገለባት የመጀመሪያዪቱ ቦታ አይደለችም፤ አዲስ የሆነው በውስጥም በውጭም አርማታው ያለ ልስንና ያለ ልባስ፣ የጣውላው ዱካ እንደታተመበት ለአምልኮ ቤት መታየቱ ነው። ልስን መተው ወጪ መቀነስ ነበር፤ ፔሬ ግን ከድህነት የመጣውን ግዴታ የሐቀኝነት መርሕ አደረገው፤ ሕንፃ የተሠራበትን ነገር መደበቅ የለበትም የሚለው እምነቱ በዚህ ቤተ ክርስቲያን ሙሉ ሥጋ ለበሰ።

የመሠረት ድንጋዩ በሚያዝያ 1922 ተጥሎ ቤተ ክርስቲያኑ በሰኔ 17 ቀን 1923 ተባረከ፤ ሥራው የፈጀው 13 ወራት ያህል ብቻ ነው። ፍጥነቱም ሆነ ርካሽነቱ የተገኘው ከአንድ ብልሃት ሲሆን፣ እርሱም መደጋገም ነው። በአርማታ ሥራ ብዙ ገንዘብ የሚበላው ፎርምወርክ፣ ማለትም ቅልቅሉ የሚፈስበትና እስኪደርቅ ቅርጽ የሚይዝበት የጣውላ ቅርጽ ነው፤ ቅርጹ አንድ ጊዜ ብቻ አገልግሎ የሚጣል ከሆነ አናጺው ሁለት ሕንፃ እንደሠራ ይቆጠራል። ፔሬ በበኩሉ ዓምዶቹን ሁሉ አንድ ዓይነት፣ የጎን ቅስቶቹንም አንድ ዓይነት ስላደረጋቸው ጥቂት ቅርጾች ከቦታ ቦታ እየተዘዋወሩ መላውን ሕንፃ አወጡ።

ሕንፃው 56 ሜትር ያህል ርዝመትና 20 ሜትር የሚጠጋ ስፋት ያለው ባለአራት ማዕዘን አዳራሽ ነው። በውስጡ 28 ዓምዶች በአራት ረድፍ ቆመዋል፤ ቁመታቸው 11 ሜትር ሲሆን ውፍረታቸው ከግርጌ 43 ሴንቲ ሜትር፣ ከራስጌ ደግሞ 35 ሴንቲ ሜትር ነው። የዓምዶቹ ፊት ለስላሳ ክብ ሳይሆን ከላይ እስከ ታች በሚወርዱ ጉብታዎችና ጠርዞች የተሰመረ በመሆኑ የቅርጹ ጣውላዎች የተገጣጠሙበትን መስመር ይሰውራል፤ ብርሃንንም እየከፋፈለ ስለሚቀበል ዓምዱን ከእውነተኛ መጠኑ ይበልጥ ቀጭን ያስመስለዋል። ከዓምዶቹ በላይ ያለው መካከለኛ ቅስት አዳራሹን በርዝመቱ ሲሸፍን፣ በሁለቱ ጎኖች ያሉት ትናንሽ ቅስቶች አግድም ተሰልፈው መካከለኛውን ደግፈው ይይዙታል፤ የቅስቶቹ ስስነት 5 ሴንቲ ሜትር ያህል ብቻ ነው። ወለሉ ወደ መሠዊያው አቅጣጫ በዝግታ ስለሚያዘቀዝቅ ከኋላ የተቀመጠው ምእመንም ከፊት የሚካሄደውን ሥርዓት ያለ ችግር ይመለከታል፤ መሠዊያው ደግሞ በደረጃ ከፍ ብሎ ቆሟል።

የዚህ አሠራር ትልቁ ውጤት ግድግዳውን ከሸክም ነጻ ማውጣቱ ነው። የውጭዎቹ ሁለት የዓምድ ረድፎች ከግድግዳው ጋር ሳይጣበቁ ጥቂት ወደ ውስጥ ገባ ብለው ስለቆሙና ጣሪያውን እነርሱ ስለሚሸከሙ፣ ግድግዳው የሚሸከመው የራሱን ክብደት ብቻ ነው። ፔሬ ይህን ነጻነት ተጠቅሞ ከዝቅተኛ መደብ በላይ ያለውን ግድግዳ በሙሉ ወደ መስኮትነት ለወጠው። ለዚህም በፈረንሳይኛ ክሎስትራ የሚባለውን፣ በውስጡ ክፍተት ያለው የአርማታ ቁራጭ እዚያው በግንባታው ቦታ በቅርጽ እያስፈሰሰ አስመረተ፤ ቁራጮቹ ካሬ ሆነው በመካከላቸው ክብ፣ ሦስት ማዕዘን፣ መስቀልና የመሳሰሉ ጥቂት ቅርጾች የያዙ ሲሆኑ፣ አንዱ ባንዱ ላይ ሲደረደሩ በየክፍሉ ታላቅ መስቀል ይሠራሉ። ክፍተቶቹ በባለቀለም መስታወት ተሞልተዋል። በመካከለኛው ዘመን በተሠሩት ካቴድራሎች ባለቀለም መስታወት በድንጋይ ግድግዳ ላይ በተከፈተ መስኮት የሚገባ ጌጥ ነበር፤ እዚህ ግን መስታወቱና አርማታው ተባብረው ግድግዳው ራሱ ሆነዋል። ቤተ ክርስቲያኑ የአርማታ ሳንት ሻፔል እየተባለ መጠራቱም ከዚህ የተነሣ ነው፤ ሳንት ሻፔል በ13ኛው ክፍለ ዘመን ንጉሥ ሉዊ ዘጠነኛ በፓሪስ ያሠሩት፣ በመስታወቱ ብዛት የታወቀ ጸሎት ቤት ነው።

የመስታወቱን ሥራ የፈጸመችው ማርግሪት ዩሬ ናት። በ1895 የተወለደችው ይህች ባለሙያ ወንዶች በተቆጣጠሩት ሙያ ውስጥ የራሷን ወርክሾፕ የምትመራ ወጣት ሴት ነበረች። በየክፍሉ መካከል የሚታዩትን የእመቤታችንን ሕይወት የሚተርኩ ሥዕሎች የነደፈው ሠዓሊው ሞሪስ ደኒ ሲሆን፣ ከመስኮቶቹ አንዱ የ1914ቱን ውጊያ ከነታክሲዎቹ ያሳያል፤ ሥዕሎቹን የከበበው ምንም ነገር የማይሥል የቀለም ድርድር ግን የዩሬ ፈጠራ ነው። ከአንዱ ክፍል ወደ ሌላው ሲታለፍ የሚያይለው ቀለም እየተለወጠ ስለሚሄድ የአዳራሹ ብርሃን በአንድ ቀለም አይዋጥም፤ ግራጫው አርማታም በቀኑ ሰዓት መጠን ሰማያዊ፣ ወርቃማ ወይም ሐምራዊ ይሆናል። የዚህን ቤተ ክርስቲያን ዝና ለብቻው ለፔሬ መስጠት በብዙ መጻሕፍት የተለመደ ቢሆንም ፍርዱ ትክክል አይደለም፤ የዩሬ ቀለም ባይኖር ባዶው አርማታ ለዓይን የሚከብድ ቅዝቃዜ ይኖረው ነበር። ፔሬ ራሱም ይህን ያወቀ ይመስላል፤ ከ30 ዓመት በኋላ በሌ ሃቭር የወደብ ከተማ የቅዱስ ዮሴፍን ቤተ ክርስቲያን ሲነድፍ መስታወቱን የሠራችው ያችው ዩሬ ናትና።

ከውጭ ሲታይ ሕንፃው ያን ያህል አያስደንቅም። በመግቢያው ላይ የቆመው የደወል ማማ ከ40 ሜትር በላይ ከፍታ ያለው ሲሆን፣ እንደ ችቦ የታሰሩ ዓምዶች ወደ ላይ በወጡ ቁጥር በየደረጃው እየቀነሱና እየጠበቡ የሚሄዱበት ነው፤ የማማው ቅርጽ የጥንት ካቴድራሎችን ማማ በአርማታ ለመምሰል ስለሚጥር ከተሠራ ጀምሮ ትችት አላጣውም፤ ትችቱም ተገቢ ነው። በውስጡ አርማታ የራሱን ቋንቋ ሲናገር፣ በውጭ ግን የድንጋይን ልማድ ይደግማል። ከበሩ በላይ ያለው፣ ድንግል ማርያም የልጇን አስከሬን ታቅፋ የሚያሳየው ቅርጽ የቀራጺው አንቷን ቡርዴል ሥራ ነው፤ ቡርዴል ከፔሬ ጋር በ1913 በተከፈተው የሻንዜሊዜ ቴአትር ላይም አብሮ ሠርቷል።

የሕንፃው ተጽዕኖ ቶሎ ተስፋፋ። ስዊዘርላንዳዊው አርክቴክት ካርል ሞዘር ከ1925 እስከ 1927 በባዝል ከተማ የሠራው የቅዱስ አንቶኒዮስ ቤተ ክርስቲያን ከሌ ሬንሲ የተማረ መሆኑ በግልጽ ይታያል፤ አንቶኒን ሬሞንድ ደግሞ በ1930ዎቹ ለቶኪዮ ሴቶች ክርስቲያን ዩኒቨርሲቲ የሠራው ጸሎት ቤት ክሎስትራውንም ማማውንም ሳይቀር ተከትሏል። በወጣትነቱ በፔሬ ቢሮ የሠራው ሌ ኮርቡዚዬ በኋላ ዘመን ያስፋፋው የባዶ አርማታ ውበትም ሥሩ ከዚህ አይርቅም።

ይሁንና ሕንፃውን ያስከበረው ቁጠባ ሕንፃውን የሚጎዳም ሆነ። ጥሩ አርማታ ለፌሮ መከላከያ ነው፤ ስሚንቶው ብረቱን ከዝገት የሚጠብቅ ጠባይ አለው። አየር ውስጥ ያለው ካርቦን ዳይኦክሳይድ ግን በዓመታት ብዛት ወደ ውስጥ እየሰረገ ያንን ጠባይ ያጠፋዋል፤ በዚህ ጊዜ እርጥበት ሲደርስ ብረቱ ይዝጋል፤ የዛገ ብረት ደግሞ ስለሚያብጥ የሸፈነውን አርማታ ሰንጥቆ ይጥለዋል። ፌሮውን የሸፈነው አርማታ ስስ በሆነ መጠን ይህ ሁሉ ይፈጥናል፤ በሌ ሬንሲ ደግሞ ሁሉም ነገር ስስ ነው። በ1966 ቤተ ክርስቲያኑ በታሪካዊ ሐውልትነት ተመዘገበ፤ ይህ ምዝገባ ለጥበቃው የመንግሥት ባለሙያና ገንዘብ እንዲመደብ መንገድ ይከፍታል። በ1980ዎቹና በ1990ዎቹ በተካሄደው ሰፊ ጥገና ማማው ተጠገነ፤ ክፉኛ የተጎዱት የክሎስትራ ቁራጮችም በነበራቸው ቅርጽ እንደ አዲስ እየተሠሩ ተተኩ። የቀድሞውን ቁራጭ በአዲስ መተካት የጥንት ድንጋይ ለሚያከብሩ ሰዎች ሊከብድ ይችላል፤ ነገር ግን ሕንፃው ከመጀመሪያው ከቅርጽ በሚወጣ ተደጋጋሚ ቁራጭ ላይ የተመሠረተ በመሆኑ ቁራጩን እንደገና ማውጣት ከአሠራሩ መንፈስ ጋር ይስማማል።

ከተማዪቱ ዛሬ ሴን ሳን ደኒ በሚባለው፣ በድህነቱና በስደተኛ ነዋሪው ብዛት ስሙ በሚነሣው ክፍለ ሀገር ውስጥ ትገኛለች፤ የክፍለ ሀገሩ ንዑስ አስተዳደር አንዱ መቀመጫም ናት። በድህነታቸው ከሚታወቁት ከክሊሺ ሱ ቧ እና ከሞንፈርሜይ ኮሙኖች ጋር ጎረቤት ሆና ሳለ ቪላዎቿና ዛፎቿ የባለጸጎች ሰፈር አድርገዋት ኖረዋል፤ በ2000 የወጣው ሕግ ከተሞች ከመኖሪያ ቤታቸው የተወሰነውን ድርሻ በዝቅተኛ ኪራይ ለሚከራይ ቤት እንዲያውሉ ሲያስገድድ፣ ከድርሻው በታች በመሆናቸው ስማቸው በተደጋጋሚ ከሚጠራ ኮሙኖች አንዷ ሌ ሬንሲ ሆናለች። በትንሽ መዋጮ ለሁሉ የሚሆን ታላቅ አዳራሽ ያቆመች ከተማ በቤት ጉዳይም ያንኑ ልብ ልታሳይ ይገባታል።

ቤተ ክርስቲያኑ ሙዚየም አልሆነም፤ ዛሬም የደብር ቤተ ክርስቲያን ነው። በፓሪስ ሳን ላዛር አካባቢ የሚያልፈው ኧር ኧ ኧር የተባለው የከተማ ዳር ባቡር ኢ መስመር ሌ ሬንሲ ጣቢያ ያደርሳል፤ ከዚያም በሬዚስታንስ ጎዳና ወደ ላይ በእግር መሄድ ነው። ወደ ፓሪስ የሚሄድ ወይም በዚያ የሚኖር አንባቢ ዕድሉ ከገጠመው፣ ፀሐይ ያለበትን ቀን መርጦ፣ በማማው ፊት ብዙ ሳይቆም በቀጥታ ወደ ውስጥ ይግባ።